ትርፍ የሌለው ዓመት

በ2017 ነሐሴ ማብቂያ ላይ ደብረ ማርቆስ ቤተሰብ ልጠይቅ ሄጄ አንድ ጥያቄ ተጠየቅሁ። ጥያቄው እስከ ዛሬ አልለቀቀኝም። ታክሲ ውስጥ ይመጣል። እንቅልፍ ሊወስደኝ ሲል ይመጣል። የጻፍኩትን ከፍቼ ላርም ስቀመጥማ ከሁሉ ቀድሞ የሚጠብቀኝ እሱ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከቆየሁ ጀምሮ አንድ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። ታሪኩ የሚፈጸመው በእኛ ምድር ላይ አይደለም። ኢሮዳ በምትባል፣ እኔ በፈጠርኳት ዓለም ላይ ነው። ኢሮዳ አንድ ፀሐይና ሁለት ጨረቃዎች አሏት። ሰዎቿ ያርሳሉ፣ ይነግዳሉ፣ ይጣላሉ፣ ይዳራሉ። ሰው ካለ ደግሞ ቀን መቁጠሩ አይቀርም። ስለዚህ ከገጸ ባሕርያቱ ስም በፊት የሠራሁት የዘመን አቆጣጠራቸውን ነበር።

ደስ እያለኝ ነው የሠራሁት። ዓመቱ 360 ቀን። ትልቋ ጨረቃ በየ30 ቀኑ ትወለዳለች፣ ትንሿ በየ10 ቀኑ። 12 ወር፤ እያንዳንዱ ወር ሦስት ሳምንት፤ እያንዳንዱ ሳምንት 10 ቀን። በዓመቱ የመጀመሪያ ምሽት ሁለቱም ጨረቃዎች አብረው ብቅ ይላሉ። ሁልጊዜ፣ በየዓመቱ። ኤክሴል ላይ ሳሰፍረው አንድም ቁጥር ከመስመሩ አልወጣም። ይህን ያደረግሁት አስቤበት ነው። የማያውቀውን አገር፣ የማያውቀውን ስም፣ የማያውቀውን ሕግ ለሚሸከም አንባቢ ቢያንስ ቀኑ ይቅለለው ብዬ።

## የኔታ

ፊደል ያስቆጠሩኝ የኔታ ጎረቤታችን ናቸው። ቅኔ የተማሩት ደብረ ኤልያስ ነው። ባሕረ ሐሳብም፣ የጾምና የበዓል ቀን የሚወጣበትን ስሌት፣ ያውቃሉ። አሁን አርጅተዋል፤ ማስተማሩንም ትተዋል። የሰፈሩ ሰው ግን «ዘንድሮ ጾሙ መቼ ይገባል?» ብሎ የሚጠይቀው አሁንም እሳቸውን ነው። ስልኩ ላይ ካላንደር ያለው ሳይቀር።

ያን ቀን ዝናቡ አላባራም ነበር። «ቡሄ ካለፈ የለም ክረምት፣ ዶሮ ከጮኸ የለም ሌሊት» ይባላል። ጎጃም ላይ ግን ቡሄ ካለፈም በኋላ ሰማዩ ሳይከፈት ይሰነብታል። በጮቄ በኩል ከደመና በቀር የሚታይ ነገር የለም። እናቴ ቡና አቅርባለች። የኔታ ጋቢያቸውን ተከናንበው በሩ አጠገብ ተቀምጠዋል። ላፕቶፔን አይተው ምን እንደምሠራ ጠየቁኝ። ልብ ወለድ ነው፣ የፈጠራ ዓለም ነው አልኳቸው። በዚያው ይተዉታል ብዬ ነበር። አልተዉትም። ወደ ቀን አቆጣጠሩ ስደርስ ስኒያቸውን አስቀመጡ።

«ዓመቱ ስንት ነው አልሽኝ?»

«360 ነው የኔታ።»

«ጨረቃዎቹስ?»

«ትልቋ 30፣ ትንሿ 10።»

«ከፀሐይዋ ጋር እኩል ይገባሉ?»

«እኩል ይገባሉ።»

«ምንም አይተርፍም?»

«ምንም አይተርፍም።»

ዝም አሉ። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። እናቴ ሁለተኛውን ልትቀዳ ስኒ ትሰበስባለች። የኔታ ወደ ውጭ እያዩ ቆዩና፣ «እንግዲያ» አሉ፣ «በዚያ አገር ሰው ሰውን ‹መቼ ነው?› ብሎ አይጠይቅም ማለት ነው?»

በቁጣ አይደለም የጠየቁት፤ ሊያሳፍሩኝም አይደለም። እንዲያው ስለ ሩቅ አገር ሰው ኑሮ እንደሚጠየቀው ነው። መልስ ፈለግሁ። ገበሬው መቼ እንደሚዘራ ማንን ይጠይቃል? ማንንም። ድንጋይ ቆጥሮ ያውቀዋል። በዓል የሚያውጀው ማነው? ማንም፤ በዓሉ ሁልጊዜ እዚያው ቀን ላይ ነው። ኢሮዳ ውስጥ ሰማይን የሚያጠኑ ሊቃውንት አሉ ብዬ ጽፌ ነበር። ግምብ ሁሉ ሠርቼላቸዋለሁ። ምን እንደሚሠሩ ግን በአንድም ገጽ ላይ አልተጻፈም። ሥራ አልነበራቸውማ።

የኔታ ጥያቄያቸውን አላብራሩልኝም። ይልቅ የመጪውን ዓመት ቆጠሩልኝ። በጣታቸው፣ ግማሹን በግዕዝ እያሉ። እኔ እየጻፍኩ ተከተልኳቸው። ከክርስቶስ በፊት የሚቆጠረው 5500 እና 2018፣ 7518። ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል። አንድ ይቀነሳል፤ ወንበር 12። 12 በ11 ተባዝቶ 132፤ በ30 ሲገደፍ፣ ሠላሳ ሠላሳው ሲጣል ማለት ነው፣ የጨረቃ ትርፉ አበቅቴ 12። 12 በ19 ተባዝቶ 228፤ በ30 ሲገደፍ የበዓላቱ መነሻ መጥቅዕ 18። አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው 30 ሞሉ፤ ስሌቱ ልክ ነው። መጥቅዕ ከ14 ስለበለጠ በመስከረም ይውላል። መስከረም 18 እሑድ ነው፤ የእሑድ ተውሳክ፣ ለዕለቱ የሚጨመረው ቁጥር፣ 7። 18 እና 7፣ 25። የነነዌ ጾም ጥር 25። 9 ሲጨመር 34፤ ፋሲካ ሚያዝያ 4።

ወረቀቱን ሳየው ቆየሁ። ለ19 ሲያካፍሉ ድርሻውን ጣሉት፤ የያዙት ቀሪውን ነው። በ30 ሲገድፉ የገባውን ጣሉት፤ የያዙት ያልገባውን ነው። ስሌቱ ከላይ እስከ ታች የሚሄደው በትርፍ ላይ ነው። እኔ ከዓለሜ ጠርጌ ያወጣሁት ነገር፣ የኔታ እጅ ላይ ጾም ሆኖ፣ ፋሲካ ሆኖ፣ የዓመት ቅርፅ ሆኖ ተቀመጠ።

እሳቸው ግን አልጨረሱም። «መስከረም አንድ ሐሙስ ነው» አሉ። «እንግዲህ ሰኔ አንድ ሰኞ ይውላል።»

እናቴ ከጀበናው ቀና አለች። «ሰኔና ሰኞ?» ድምጿ ተለወጠ። ባለፈው የገጠመው በ2012 ነበር፤ ኮሮና በገባበት ዓመት። እሱን አስታወሰች። የኔታ አይዞሽ፣ ቀን ሁሉ የእግዚአብሔር ነው አሏት። ቡናው ቀጠለ፤ እናቴ ግን ከዚያ በኋላ ብዙም አላወራችም። አንድ የተረፈ ቁጥር ከሳምንቱ ጋር ተገናኝቶ እናቴን ዝም ሲያሰኛት ዓይኔ እያየ ነው።

## ሄኖክ እያለልን

ወደ ባሕር ዳር ስመለስ መጀመሪያ የፈለግሁት ለ360ዬ መከራከሪያ ነበር። አላጣሁም። መጽሐፈ ሄኖክ አለ። ሙሉው መጽሐፍ የተረፈው በግዕዝ ብቻ ነው፤ የእኛ አገር ደብተራና መነኩሴ በብራና እየገለበጠ ያቆየው። እዚያ ውስጥ መልአኩ ዑራኤል ለሄኖክ የፀሐይን መንገድ ያሳየዋል። በምሥራቅ 6 ደጆች፣ በምዕራብ 6 ደጆች። ፀሐይ በየተራ ትገባባቸዋለች፣ ትወጣባቸዋለች። ዓመቱ 364 ቀን ነው። አራት ወቅት፣ እያንዳንዱ 91 ቀን። 364 ለ7 ሲካፈል 52፤ ምንም አይተርፍም።

ይህ ምን ማለት እንደሆነ አስቡት። በዚያ አቆጣጠር አንድ ዕለት አንዴ ረቡዕ ከዋለ ለዘለዓለም ረቡዕ ነው። ሰኔና ሰኞ ወይ በየዓመቱ ይገጥማሉ፣ ወይ ጨርሶ አይተያዩም። የሚያምር ሥርዓት ነው። ሳነበው የራሴን ኢሮዳ ያየሁ መሰለኝ።

ግን የዚያው መጽሐፍ ሰማይ ከእኛ ሰማይ ጋር አይገጥምም። ሄኖክ ቀንና ሌሊቱን 18 ቦታ ይከፍለዋል። በረጅሙ ቀን 12ቱ ክፍል ብርሃን፣ 6ቱ ጨለማ ነው፤ ቀኑ የሌሊቱን እጥፍ ይሆናል። ጎጃም ላይ በረጅሙና በአጭሩ ቀን መካከል ያለው ልዩነት አንድ ሰዓት ከሩብ ገደማ ነው። ጀንበር ስትወጣ 12 ሰዓት፣ ስትገባ 12 ሰዓት ብለን ዓመቱን ሙሉ የምንኖረው ለዚህ ነው። መጽሐፉን ያቆዩት ሊቃውንት ይህን በዓይናቸው ያዩ ነበር። መጽሐፉን አልጣሉም። ጾማቸውን ግን በ364 አልቆጠሩም።

የቆጠሩት በአስቸጋሪው ነው። ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳስ ለድሜጥሮስ ተገለጠ በሚባለው ስሌት። እዚያ ውስጥ ሦስት የማይስማሙ ነገሮች አሉ። ፀሐይ 365 ቀን ከሩብ ትፈልጋለች። 12 ጨረቃ 354 ቀን ትፈልጋለች። ሳምንት ደግሞ 7 ብቻ ነው፤ ስለ ሁለቱም ግድ የለውም። በፀሐይና በጨረቃ መካከል በየዓመቱ 11 ቀን ይተርፋል። እሱ እየተጠራቀመ በ19 ዓመት ውስጥ 7 ጊዜ ዓመቱን 13 ጨረቃ ያደርገዋል። 19 ዓመትና 235 ጨረቃ ሲስተካከሉ የሚቀረው ልዩነት አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ነው። ይህንን የደረሰበት ሰው ስንት ሌሊት ሰማይ ሲያይ አድሮ ይሆን? ሳምንቱ ደግሞ ከፀሐይ ጋር የሚታረቀው በ28 ዓመት ነው። 28 በ19 ሲባዛ 532። ሦስቱም በአንድነት ወደ ጀመሩበት የሚመለሱት በ532 ዓመት ነው። ያን ሙሉ ዙር ኖሮ ያየ ሰው የለም።

ሰኔና ሰኞም ከዚያው ነው የሚመጣው። በ2001 ገጠመ፣ በ2007፣ በ2012፣ በ2018። ቀጣዩ 2029 ነው። 6፣ 5፣ 6፣ 11 እያለ ይሄዳል። ይሄ 11 ዓመት ያስገርመኛል። ሰው ሊረሳው ሲል ይመለሳል። አንድ ልብ ወለድ ጸሐፊ ቁጭ ብሎ ፍርሃት ልፍጠር ቢል ከዚህ የተሻለ አያገኝም።

የኔታ «መቼ ነው?» ያሉትን ደግሞ በሠርግ ተረዳሁት። ነነዌ ከጥር 17 አይቀድምም፣ ከየካቲት 21 አይዘገይም። ሁለቱን ጫፎች ጨምሮ 35 ቀን አለ። ዐቢይ ጾም ከነነዌ ሁለት ሳምንት በኋላ ስለሚገባ አብሮት ይወጣል፣ ይወርዳል። ጾሙ ቀድሞ በሚገባበት ዓመት ልጁን የሚድረው ጎጃሜ ይጣደፋል። ጠላው በጊዜ መጠንሰስ አለበት፤ ዘመድ በጊዜ መጠራት አለበት። ዘግይቶ በሚገባበት ዓመት ጥርም የካቲትም የእሱ ነው። ስለዚህ አባወራው ቀን ከመቁረጡ በፊት ሰው ይጠይቃል። እንቁጣጣሽ ዕለት ቤተ ክርስቲያን ውስጥ የዓመቱ ወንጌላዊ፣ አበቅቴና መጥቅዕ፣ ጾሙና በዓሉ ሲነገር ጆሮ ሰጥቶ የሚሰማው ሊቅ ለመሆን አይደለም። ልጅ ሊድር ነው።

ኢሮዳ ላይ ግን ሠርግ ሁልጊዜ የሚቻል ነበር። ማንም ማንንም አይጠብቅም። ይሄ ነው ያስጨነቀኝ።

## ሰማይ ሲዘጋ

አንድ ነገር ደግሞ ጎጃም ተወልጄ ሳላስተውለው የኖርኩት አለ። ዓመታችን የሚያልቀው ሰማይ በማይታይበት ጊዜ ነው። ሐምሌና ነሐሴ ደመናው ይወርዳል። ፀሐይ በሁለት ቀን አንዴ ብልጭ ብትል ነው። ጨረቃ ተወለደች፣ ሞላች፣ ጠፋች፤ ማን ያያታል? ዓይኑን ብቻ የሚያምን አገር በዚያ ወቅት ቆጠራው ይጠፋበታል። የዓመቱ በር ላይ ሲደርስ ስንተኛ ቀን እንደሆነ አያውቅም።

ባሕረ ሐሳብ የተጀመረው ለዚህ ነው እያልኩ አይደለም፤ የመጣው ከግብፅ ነው። እኔ የምለው፣ እንዲህ ባለ አገር ላይ ቀመር በእጁ የያዘ ሰው ክብደቱ ሌላ ነው። ደመናው መሀል ቁጭ ብሎ «ዛሬ ሌሊት ጨረቃዋ እንዲህ ናት» ይላል። አይታይም። ግን ያምኑታል። ተማሪውም ቀመሩን ከአፉ ተቀብሎ በቃሉ ይይዘዋል። መጽሐፍ ቢቃጠል፣ አገር ቢወረር፣ ቁጥሩ ሰው ውስጥ ነው።

በሌላ በኩል ቦረናን አስቡ። የቦረና ቀን ቆጣሪዎች፣ አያንቱዎች፣ 27 የቀን ስሞችን በቃላቸው ይዘው፣ ጨረቃዋን ከከዋክብቱ ጋር እያስተያዩ ይቆጥራሉ። ሰማያቸው ሰፊ ነው። ቆጠራቸው በዓይን ነው። የደመናው አገር በስሌት፣ የጠራው ሰማይ አገር በዕይታ። ሁለቱም ሰው ይፈልጋሉ። ሁለቱም ውስጥ አንድ የሚታመን ሰው መሀል ላይ ተቀምጧል።

ከዚያ ጳጉሜን አለች። 12 በ30 ሲባዛ 360፤ የእኔ የድሮዋ ኢሮዳ እዚያው ላይ ታበቃለች። የእኛ ዓመት ግን 5 ቀን ይተርፈዋል፤ በአራት ዓመት አንዴ፣ ዘመነ ሉቃስ ሲያበቃ፣ 6። አገሬው በእነዚያ ቀናት ምን ያደርጋል? በማለዳ ወንዝ ወርዶ ይጠመቃል። ጳጉሜን 3 ሩፋኤል ነው፤ ርኅወተ ሰማይ፣ ሰማይ የሚከፈትበት ቀን። ልጆች ሆነን ዝናቡን በራቁታችን እንጠብቀው ነበር። እናቶቻችን በዚያ ቀን ብቻ አይቆጡንም። ከወር ውጪ የወደቁት ቀናት ከወሩ ቀናት ሁሉ የበለጠ የተቀደሱት ለምን እንደሆነ አሁን እያሰብኩበት ነው። የማንም ስላልሆኑ ይመስለኛል። ባለቤት የሌለው ቀን ለሰማይ ቅርብ ነው።

## አሁን ኢሮዳ

ኢሮዳን ከመሠረቷ አፍርሼ ሠራኋት። ዓመቷ 369 ቀን ከሲሶ ሆነ። ትልቋ ጨረቃ «እናት» ትባላለች፤ በየ30 ቀን ተኩል ትወለዳለች። ትንሿ «ልጅ» ናት፤ በየ8 ቀኑ። ገበያ የሚቆመው ልጅ በተወለደች ማግስት ነው። ልጅ እንዲህ የምትፈጥነው ቅርብ ስለሆነች ነው። ይህ የኬፕለር ሕግ ነው፤ የአንድ ዙር ጊዜ ስኩዌር ከርቀቱ ኪዩብ ጋር አብሮ ይሄዳል። ስሌቱን ስሠራው እናት ከልጅ 2.3 እጥፍ ያህል ርቃ ወጣች። ልጅ ከኢሮዳ ጉያ አትርቅም፤ እናት ከሩቅ ቀስ ብላ ትዞራለች። ስሞቹን ያወጣሁት እኔ ነኝ። ቦታቸውን የሰጣቸው ግን ቁጥሩ ነው።

ወሮቹ አንዱ 30፣ አንዱ 31 እየሆኑ 12 ናቸው። ድምሩ 366። 3 ቀን ይተርፋል፤ በየሦስት ዓመቱ 4። ትርፎቹን «የእንግዳ ቀናት» ብያቸዋለሁ። በእንግዳ ቀናት ዕዳ አይጠየቅም፣ ችሎት አይሰየምም፣ በር አይዘጋም። አራተኛዋ ቀን በምትጨመርበት ዓመት ባለዕዳ አንድ ቀን ያተርፋል፤ አበዳሪ ይህን ስለሚያውቅ ከሦስት ዓመት በላይ አያበድርም። ይህን ቀድሜ አላሰብኩትም ነበር። ሲሶዋ ቀን ከገባች በኋላ ራሱ መጣ።

እናት ዓመቱ ሲገባ ስንት ቀኗ እንደሆነ የሚቆጥር ሰውም አስፈለገ። ዓመት በገባ ቁጥር ዕድሜዋ 3፣ 6፣ 10፣ 13፣ 16፣ 20፣ 23፣ 26 እያለ ሄዶ በ9ኛው ዓመት 30 ይደርሳል። ያኔ ሊቁ «ወሯን ጨረሰች፣ አዲስ ናት» ብሎ ወደ ዜሮ ይመልሰዋል። ልጅ ደግሞ በየ6 ዓመቱ ወደ ዓመቱ መባቻ ትመለሳለች። 6ና 9 የሚገናኙት 18 ላይ ነው። በሊቁ ቆጠራ በ18ኛው ዓመት ማብቂያ ሁለቱም በአንድ ምሽት ይወለዳሉ፤ የኢሮዳ ታላቅ በዓል ያ ነው።

እዚህ ላይ ነው ነገሩ የሚከረው። የእናት ወር 30 ሳይሆን 30 ተኩል ነው። በ9 ዓመት ግማሽ ቀን ይጎድላል፤ በ18 ዓመት አንድ ቀን። 18 ዓመት 6648 ቀን ነው። ልጅ በዚህ ውስጥ 831 ዙር ትጨርሳለች፤ ልክ ናት። እናት ግን 218 ወሯን ለመጨረስ 6649 ቀን ትፈልጋለች። በታላቁ በዓል ምሽት ልጅ በቀጠሮዋ ትወጣለች። እናት የለችም። የምትመጣው በማግስቱ ነው።

ለኢሮዳ ብቻ የፈጠርኩት ጉድለት እንዳይመስላችሁ። 365 ቀን ከሩብ የምንለው እኛም ሩቡ በ11 ደቂቃ ያህል ይበልጣል። እሱ ተጠራቅሞ በ128 ዓመት አንድ ቀን ይሆናል። ፈረንጆቹ በራሳቸው አቆጣጠር በ1582 ከጥቅምታቸው ላይ 10 ቀን በአንድ ሌሊት የዘለሉት በዚህ ምክንያት ነው።

## ደጋና ቆላ

አሁን ታሪኩ የቆመው እዚያች አንድ ቀን ላይ ነው። ኢሮዳ ደጋና ቆላ አላት። ከጮቄ ተነስቶ ወደ ዓባይ በረሃ የወረደ ሰው ይህን አገር ያውቀዋል። ደጋው በዓመቱ መባቻ ሁልጊዜ ደመና ነው። ደገኞች በሰንጠረዥ ይቆጥራሉ። ቆላው ጥርት ያለ ነው። ቆለኞች ወጥተው ያያሉ። በመጀመሪያዎቹ 18 ዓመታት ማብቂያ አንድ ቀን ተለያዩ፤ ማንም ልብ አላለውም። 180 ዓመት ሲሞላ ልዩነቱ 10 ቀን ሆነ። ደጋው በዓል ሲያከብር ቆላው ይጾማል። ሁለቱም ሌላውን ከሃዲ ይለዋል። ልጅ ለልጅ መጋባት ቀረ፤ ምክንያቱም የአንዱ የሠርግ ቀን ለሌላው የሐዘን ቀን ነው።

«ዘመን እንደ ንጉሡ፣ አውድማ እንደ ንፋሱ» ይባል የለ? የቆላው ገዢ ይህን አጋጣሚ ወደደው። የራሱን ቀን ያወጀ የራሱን ግብር ይሰበስባል። ጦርነቱ ስለ ጨረቃ ይመስላል፤ ውስጡ ሌላ ነው።

መድኃኒቱ ቀላል ነው፤ ይህንን ወድጄዋለሁ። ዓመቱን መንካት አያስፈልግም፤ ዘሩም አጨዳውም በቦታው ይቆያል። በየ18 ዓመቱ ከእናት ዕድሜ ላይ አንድ መቀነስ ብቻ ነው። አንድ ቁጥር። የደጋው ሊቅ ግን ሰንጠረዡን ከመምህሩ ተቀብሏል፤ መምህሩም ከመምህሩ። በግጥም ነው የያዘው። አንዱን ቁጥር ቢነካ ቤቱ ይሰበራል፤ ቤቱ ከተሰበረ ተማሪው አይይዘውም። ግትርነት ብዬ አልጻፍኩበትም፣ አይደለምም። ሰንጠረዡ በደመና ውስጥ አገሩን ያቆመ ነገር ነው። ይህንን ሰው የምጽፈው ከልቤ እያከበርኩት ነው።

ከቆላ የምትወጣው ልጃገረድ የገመድ ቋጠሮ ይዛ ትመጣለች። አያቷ፣ እናቷና እሷ እናት ጨረቃን አዲስ ሆና ባዩባት ምሽት ሁሉ አንድ አንድ ቋጠሮ አኑረዋል። ስሌት አታውቅም። ሊቁ ደግሞ የዓመት መባቻዋን ጨረቃ በሕይወቱ አይቷት አያውቅም፤ ሁልጊዜ ደመና ነው። ስለዚህ እሱ እሷን መጠየቅ አለበት፣ እሷም እሱን። ሌሊቱን ሙሉ ገመዱን ይዘው ይቆጥራሉ። ይህ ምዕራፍ ከጻፍኩት ሁሉ ረጅሙ ነው። ማሳጠር አልፈለግሁም።

ሊቁ በመጨረሻ ይቀበላታል። ግን 10ሩን ቀን በአንድ ሌሊት አልጥልም ይላል። በእነዚያ 10 ቀናት ውስጥ የተወለደ አለ፣ የሞተ አለ፣ የተማለ አለ። በየዓመቱ አንድ አንድ ቀን ይቀነስ ብሎ ይፈርዳል። ስለዚህ የሁለቱ አገር በዓል በየዓመቱ አንድ ቀን እየተቀራረበ ይሄዳል። በመሃሉ የ18 ዓመቱ መዝጊያ ከገባ ደግሞ የሚከፈለው 11 ይሆናል። እሱን ለማን እንደሚያስከፍሉት አከራክሬያቸዋለሁ፤ ደጋው ይከፍላል ብዬ ወስኛለሁ።

የኢሮዳን የ18 ዓመት ሰንጠረዥ ሙሉውን በሚቀጥለው ጽሑፍ አወጣዋለሁ። የእያንዳንዱ ዓመት የእንግዳ ቀናት ብዛት፣ የእናት ዕድሜ፣ የልጅ መውጫ ቀን ሁሉም ይኖርበታል። ወረቀትና እስክሪብቶ ይዛችሁ አስሉት። የማይገጥም ቁጥር ካገኛችሁ ጻፉልኝ።